ቀን የሚዋዋሱ ዓለማት

ሰኞ፣ ኅዳር 9

ኦቦ ገለታ ጉድ ሠሩኝ።

ጠዋት ሱቁን ከፍቼ፣ ገና የፎቶ ኮፒው ማሽን ሳይሞቅ፣ ስልኬ መንጫጫት ጀመረ። ትናንት በቴሌግራም የለቀቅነው የታሪኬ ክፍል እንደሚወደድ አውቅ ነበር። ጀግናዋ ሶሬቲ የጉሙን ድልድይ ስትሻገር እኔ ራሴ ስጽፈው አልቅሻለሁ። ከጊምቢ፣ ከሻምቡ፣ ከአርጆ፣ ከባኮ የመጣው ሁሉ ምስጋና ነው። መሀሉ ላይ የኦቦ ገለታ መልእክት ቁጭ ብሏል። ጡረታ የወጡ የሒሳብ መምህር ናቸው። የነቀምቴን ግማሽ አስተምረዋል፣ እኔንም ጭምር።

«ልጄ ትርንጎ፣ ሰባቱ ማሳዎችን ከመጀመሪያው ጀምሮ እየሰማሁ ነው። አንድ ጥያቄ አለኝ። እሑድ አዳራሽ ውስጥ፣ ሰው ባለበት እጠይቅሻለሁ። በራስሽ ሕግ ከሄድን ቀይ ማሳ መጥፋቱ ነው። በአስማት ካዳንሽው ደግሞ እስከ ዛሬ ስታታልዪን ነበር ማለት ነው።»

የጻፉት ለእኔ ብቻ አይደለም፤ ሁሉም በሚያየው ቦታ ነው። ከሥሩ ሰው ተደርድሮ «እውነት ነው፣ እኔም አስቤው ነበር» ይላል። ውሸታሞች፣ አንዳቸውም አላሰቡትም።

ሽማግሌው ግን ልክ ናቸው። እስቲ ለራሴ ልድገመው፣ ስጽፈው ቀዳዳው የት እንደሆነ ይታየኝ ይሆናል። በታሪኬ ውስጥ ሰባት ዓለማት አሉ፤ ማሳ እላቸዋለሁ፤ በመሀላቸው ጉም አለ። እዚያ ጊዜ ዝም ብሎ አያልፍም። ጊዜ ሥራ ነው። እያንዳንዱ ዓለም ቀን አራሾች የሚባሉ አስማተኞች አሉት፤ እነሱ በጉም በሬ ካላረሱት ቀኑ አይነጋም፣ አይመሽም። አንዱ ዓለም ከባድ ነገር ሲገጥመው ሌሎቹ አራሾቻቸውን ይልኩለታል፣ ቀናቸውን ያውሱታል። ያኔ እዚያ አንዷ ደቂቃ እንደ ዓመት ትረዝማለች፤ እዚህ ደግሞ ቀኑ ሳይታወቀን ያልቃል። «ዛሬ ቀኑ የት ገባ?» ስንል ለሌላ ዓለም አውሰነው ነው። ሐሳቡን ያገኘሁት ከአባዬ ወንፈል ነው። ኪራሙ ሳለን ጎረቤቶች ዛሬ የእኛን ማሳ አጭደው ነገ አባዬ የእነሱን ሊያጭድ ይሄድ ነበር።

ሕጉም የወንፈል ሕግ ነው። የተዋሰ ይመልሳል፤ ለማይመልስ ሰው አይመጣለትም። አድማጭ የወደደውም ይህን ነው፣ እንደ ሌላው ተረት በትር ተወዝውዞ ነገር ስለማይስተካከል።

የሶሬቲ ዓለም፣ ቀይ ማሳ፣ የሚመልሰው የለውም። አራሾቹ በወረርሽኝ አልቀዋል። ፀሐይዋ ተራራው ጫፍ ላይ ቆማ ቀርታለች። እሑድ አዳራሽ ውስጥ በሰው ፊት የሚነበበው የመጨረሻው ክፍል ገና አልተጻፈም። አዳራሹ ተፈቅዷል፣ ማስታወቂያው በየካፌው በር ተለጥፏል፣ እኔም ባዶ እጄን ነኝ።


ማክሰኞ፣ ኅዳር 10

መብራት ግማሽ ቀን አልነበረም። ተማሪዎች ጥናታዊ ጽሑፋቸውን ሊያስጠርዙ መጥተው እኔ ላይ ይቆጣሉ፣ ኃይል ማመንጫውን የያዝኩት እኔ ይመስል። ለእኔ ግን ተመቸኝ፣ ተቀምጬ አሰብኩ።

የሞከርኳቸው፦

ስምንተኛ ዓለም ድንገት ብቅ ይላል። ከየት? ኦቦ ገለታ ጠመኔ ይወረውሩብኛል።

ሶሬቲ ከእንቅልፏ ትነቃለች፣ ሁሉም ሕልም ነበር። ከነቀምቴ መሰደድ አለብኝ።

አንድ ሽማግሌ አራሽ ቀን ደብቆ ኖሯል። ይሄ ደግሞ አስማት ሳይሆን ሌብነት ነው።

ቀይ ማሳ ይጥፋ።

አራተኛውን ስጽፈው አልከፋኝም፤ እንዲያውም ኮራሁ። ሕግ ሕግ ነው፣ ኦቦ ገለታም አፋቸውን ይይዛሉ። ቁጭ ብዬ ሙሉውን ክፍል ጻፍኩት። ፀሐይዋ ትጠቁራለች፣ ሶሬቲ ድልድዩ ላይ ቆማ ታያለች። ጥሩ ነው። እንዲያውም በጣም ጥሩ ነው።

ቤት ስገባ አባዬ በረንዳው ላይ እንደ ሁልጊዜው ጓሮውን እያየ ነበር። የቤቱ ባለቤት አዴ ጫልቱ «አያ ጌታሁን፣ ጓሮው ያንተ ነው፣ የፈለግከውን ዝራበት» ካሉት ቆይተዋል። ጓሮው አረምና ቁጥቋጦ ውጦታል፣ ለብቻው የሚመነጥረው አይደለም። አባዬም «ነገ» ይላል። ከኪራሙ ተፈናቅሎ ከመጣ ወዲህ ከቤተ ክርስቲያን በቀር የሚሄድበት የለም። ሰውን አንድ ነገር አይለምንም፤ ጨው እንኳ ሲያልቅ ዝም ብሎ አልጫውን ይበላል።


ረቡዕ፣ ኅዳር 11

ከሌሊሴ ጋር ተጣላን።

ሌሊሴ የሰባቱ ማሳዎች ድምፅ ናት። እኔ እጽፋለሁ፣ እሷ ታነባለች፤ አንዱን አንቀጽ በአማርኛ፣ ቀጥሎ ያንኑ በኦሮምኛ። የፀጉር ቤቷ ከሱቄ ጋር ግድግዳ ይጋራል። በቤተ ክርስቲያናቸው መዘምራን ውስጥ መሪ ድምፅ ናት፤ ያንን ድምፅ የሰማ ሰው አረፍተ ነገሬ ቢንሻፈፍ እንኳ አያስተውልም። ይህን ለእሷ አልነግራትም።

አዲሱን ክፍል ይዤላት ሄድኩ። አንዲት ደንበኛ የፀጉር ማድረቂያው ካስክ ውስጥ ተቀምጣለች። ሌሊሴ እጇን በፎጣ አድርቃ ወረቀቱን ተቀበለችኝ፣ ድምፅ እያወጣች ማንበብ ጀመረች፣ መጨረሻው ሳትደርስ አቆመች።

«ህን ተኡ» አለች። አይሆንም ማለቷ ነው።

«ምኑ?»

«ትርንጎ፣ ስንት ሰው ሞቶብናል። ደሞ በተረት እንግደል?»

ሕጉን አስረዳኋት። ሕጉን ታውቀዋለች፣ በሁለት ቋንቋ ያነበበችው እሷ ናት። አልሰማችኝም። ካስክ ውስጥ ያለችው ሴትዮ ራሷን አውጥታ «ማነው የሚሞተው? ሶሬቲ ናት?» ብላ ጠየቀች፤ ዓለሟ ነው ስንላት ምን አደረገሽ በሚል ዓይን አየችኝ።

«እኔ ይቺን አላነብም፣ ሌላ ሰው ፈልጊ» አለች ሌሊሴ።

«እፈልጋለሁ፣ አንቺ ብቻ ነሽ እንዴ አፍ ያለሽ?» አልኳትና ወጣሁ።

ሱቅ ገብቼ በሩን መለስ አድርጌ በስልኬ ራሴን ቀዳሁ። መልሼ ሰማሁት። ውሃ በፈረቃ እንደሚመጣ በድምፅ ማጉያ የሚያስታውቅ የቀበሌ ሠራተኛ እመስላለሁ። ሶሬቲ ድልድዩ ላይ ቆማ ስታለቅስ እንኳ የነዋሪዎች ስብሰባ የተጠራ ይመስላል። አጠፋሁት።

ደግሜ አነበብኩት። ትናንት ጥሩ የመሰለኝ ዛሬ ቀዝቃዛ ሆነብኝ። የተናደድኩት በሌሊሴ ነው ወይስ ልክ ስለሆነች ነው? አላውቅም። ሁለቱም።


ሐሙስ፣ ኅዳር 12

የኅዳር ሚካኤል። ሱቅ ዘጋሁ።

ከአባዬ ጋር ሄደን አነገሥን። ስንመለስ የየሰፈሩ ሰው ቆሻሻውን ሰብስቦ እያቃጠለ ነው፣ መንገዱ በጭስ ታፍኗል። አባዬ ጭሱን ሽሽት በዳር በኩል እንሂድ አለኝ። ከቤቶቹ ጀርባ የጤፍ ማሳ አለ። ሰዎች ተደርድረው ያጭዳሉ። አባዬ ቆመ። እኔም ቆምኩ። ከስንት ጊዜ በኋላ እግሩ ለመሄድ ያልቸኮለበት ቦታ አየሁ።

እንዲሁ ለወሬ ያህል ጭንቀቴን ነገርኩት። አባዬ ታሪኬን ሰምቶ አያውቅም፣ «የስልክ ተረት» ነው የሚለው። ዓለማቱን፣ ቀን አራሾቹን፣ የቆመችውን ፀሐይ፣ ወንፈሉን ሁሉ ነገርኩት። ዓይኑን ከአጫጆቹ አላነሳም። የሚሰማኝም አልመሰለኝም።

«ታዲያ ለምን አልጠሩም?» አለ።

«እነማን?»

«እነዚያ፣ ፀሐይ የቆመችባቸው።»

«የሚመልሱት የላቸውማ፣ አባዬ። ወንፈል ነው አልኩህ።»

«ወንፈል እኮ የጤነኛ ነው። ጉልበት ለጉልበት። እኔ እግሬን የተሰበርኩ ጊዜ ሰብላችንን ማን አነሳው? ወንፈል ነበር እንዴ?»

አስታወስኩት። እንዴት እንደረሳሁት እንጃ። ትንሽ ልጅ ነበርኩ። አባዬ እግሩ በቀርከሃ ታስሮ ተኝቷል፣ ጤፉ ደርሶ ሊረግፍ ነው። አንድ ቀን ጠዋት ማሳው በሰው ተሞላ። ከወንዝ ማዶ ያሉት ኦሮምኛ ተናጋሪዎቹ ጎረቤቶቻችንም ነበሩበት። በሁለት ቋንቋ ይዘፈናል። እኔ ውሃ አመላልሳለሁ፣ አንዷ ሴትዮ ወደላይ አንስታ ሳመችኝ። ፀሐይ ሳትጠልቅ ጤፉ ተከምሮ አደረ።

«ደቦ ነበር» አለ አባዬ። «በደቦ ማንም መልስ አይልህም። ጠርተህ ያለህን ታበላለህ፣ በቃ። ግን መጥራት አለብህ፤ ሳይጠራ የሚመጣ የለም። እኔ መጥራቱን አፍሬ ሰብሉ ሊጠፋብን ነበር። ጎረቤቱም አፍሯል ብሎ ዝም፣ እኔም ዝም። እናትሽ ናት ነጠላዋን አጣፍታ ዞራ የጠራችው።»

ከዚያ መንገዱን ቀጠለ። እኔ እዚያው ጤፉ ዳር እንደ ሞኝ ቆሜ ቀረሁ።

ነገሩ ይህ ነው። ለሃይስኩል ብዬ በልጅነቴ ነቀምቴ መጣሁ፣ የገጠሩን ሥራ ከሩቅ ነው የማውቀው። በራሴ ውስጥ ወንፈሉንም ደቦውንም አንድ ላይ ጨፍልቄ፣ ሰባት ዓለም የሚያህል ነገር በግማሹ ላይ ገነባሁ። ለካ ቀይ ማሳ የጎደለው ቀን አልነበረም።


ዓርብ፣ ኅዳር 13

ጻፍኩት። ጻፍኩት። ጻፍኩት።

መጀመሪያ ግን ፈራሁ። አዲስ ሕግ በመጨረሻው ክፍል ማምጣት ያው ማታለል ነው፤ ኦቦ ገለታ ይህን አይለቁኝም። ስለዚህ ያለፉትን ክፍሎች በሙሉ ከፍቼ አንድ ነገር ፈለግኩ፦ «ለማይመልስ ሰው አይመጣለትም» የሚለውን የተናገረው ማን ነው?

የቀይ ማሳ ሽማግሌዎች ናቸው። ሁልጊዜ እነሱ ብቻ። ሌሎቹ ስድስት ዓለማት ይህን አንድ ጊዜም አልተናገሩም። እንዲያውም ሶሬቲ ድልድዩን ስትሻገር የነጭ ማሳዋ አራሽ «ከእናንተ በኩል ድምፅ ከሰማን ቆየን» ትላታለች። ይህን የጻፍኩት እኔ ነኝ! ለምን እንደጻፍኩት እንኳ አላስታውስም። ብድግ ብዬ በሱቁ ውስጥ ዞርኩ። ሕጉን አልጣስኩም፣ ሽማግሌዎቹ በኩራታቸው ግማሹን ብቻ ነው የያዙት። ልክ እንደ እኔ።

እንዲህ ሆነ። ሶሬቲ ወደ ቀይ ማሳ ትመለሳለች። ሽማግሌዎቹ «የምንመልሰው ሳይኖረን በምን ፊታችን እንጠራለን?» ይሏታል። እሷ ግን የቀራትን አንድ እፍኝ ቆሎ ይዛ ፀሐይዋ የቆመችበት ተራራ ላይ ትወጣለች። ትጠራለች። ለረጅም ጊዜ ምንም የለም። ከዚያ ጉሙ ውስጥ የበሬ ደወል ይሰማል።

አሁን ሳነበው ያስለቅሰኛል፣ ረቡዕ ያጣሁት ይኼ ነበር።

አንድ ችግር ቀረ። ጥሪውን የሚጠራ ድምፅ የለኝም። ግድግዳው ማዶ ሌሊሴ ደንበኛ ስታስቅ ይሰማኛል፤ የምትስቀው ሆን ብላ ጮክ አድርጋ ነው። እኔ ቀድሜ አልሄድም። እሷ ናት አላነብም ያለችው።

ይህን ጽፌ አየሁት። ከቀይ ማሳ ሽማግሌዎች በምን ተሻልኩ?


ቅዳሜ፣ ኅዳር 14

ሄድኩ።

ቅዳሜ ስለሆነ ፀጉር ቤቱ ጢም ብሏል። እጇ አረፋ በአረፋ ነው። ቀና ብላም አላየችኝ።

«አከም ቡልቴ፣ ደራሲዋ» አለች። እንዴት አደርሽ ማለት ነው፣ አነጋገሯ ግን ሌላ ነው።

በመንገድ ላይ ያሰናዳሁት ንግግር ነበረኝ፤ እኔም በከፊል ልክ እንደነበርኩ የሚያሳይ። ጠፋብኝ። «ሌሊሴ፣ ልጠራሽ ነው የመጣሁት» አልኳት። «እኔ ማንበብ አልችልም። ሞክሬዋለሁ፣ ያሳፍራል። ነይልኝ።»

ሌሊሴ ውሃውን ዘጋች።

«ማን ይሞታል?»

«ማንም።»

«በአስማት?»

«በፍጹም። አንብቢው።»

«መጀመሪያ ተቀመጪ። በዚህ ፀጉር ነገ ሰው ፊት ልትቆሚ ነው?»

የደንበኞቿን ወረፋ አስጥሳ አስቀመጠችኝ፣ ማንም አላጉረመረመም። ሹሩባዬን እየሠራች ወረቀቱን እኔ ፊት ለፊቷ ይዤላት አነበበች። ጥሪው ጋ ስትደርስ ፀጉሬን ያዝ አድርጋ ቆመች፤ ጭንቅላቴን አመመኝ፣ ወረቀቱን ግን አልለቀቅኩም።

«ዱጉማ፣ እውነትም ይኼ ነው» አለች። «ጥሪውን ግን በአማርኛ አልጠራም። የሶሬቲ እናት በምን ቋንቋ ነበር የምትጠራት? በእሱ ነው።»

«ቶሌ» አልኳት፣ እሺ።

«ደሞ ቆሎዋ የገብስ ትሁን። የስንዴ ማን ይበላል?»

ገብስ አደረግኩት። ስወጣ «ገለቶሚ» ብዬ አመሰገንኳት፣ እሷም «ብድር ካለብሽ የሹሩባው ነው» አለችኝ፤ ሴቶቹ ሳቁ።

ማታ አባዬን እሑድ አዳራሽ ትመጣለህ ወይ ብዬ ጠየቅኩት። «እናያለን» አለ። እናያለን ማለት በእሱ ቤት አልመጣም ማለት ነው።


እሑድ፣ ኅዳር 15

እንዴት ልጀምር?

የነቢያት ጾም ገብቷል፤ ሰው ከቅዳሴም ከቸርችም ወጥቶ በቀጥታ መጣ። ባጃጆቹ አዳራሹ በር ላይ ተደርድረዋል። ከጊምቢ በሚኒባስ የመጡ አሉ። ወንበር አልበቃ ብሎ መስኮቱ ላይ ተቀምጠዋል። ኦቦ ገለታ ከፊት፣ ኮታቸውን ለብሰው፣ እጃቸውን አጣምረው፣ ልክ ክፍል ውስጥ መልሱን ሲጠብቁ እንደነበሩት።

ሌሊሴ ጀመረች። ማይኩ ጥሩ ነበር። ሽማግሌዎቹ እምቢ ሲሉ ሰው አጉረመረመ። ሶሬቲ ቆሎዋን ይዛ ተራራውን ስትጀምር መብራት ሄደ። ማይኩ ሞተ።

ሌሊሴ ማይኩን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጣ ወደፊት ወጣች። ነጠላዋን ወደኋላ አደረገች። ከዚያ ጠራች።

«ኮታ!»

ኑ ማለት ነው። በማይክ ቢሆን እንዲህ አይሆንም ነበር። ያ ድምፅ ግድግዳውን ነካው። ሁለተኛ ጠራች። በጽሑፉ ላይ እዚህ ጋ ረጅም ዝምታ አለ፤ ሌሊሴም ጠበቀች። እኔ ቃሉን ስለማውቅ ቀጥሎ የበሬ ደወል እንደሚመጣ አውቃለሁ።

ደወሉ ሳይመጣ ከኋላ፣ ከበሩ አጠገብ፣ አንድ የወንድ ድምፅ ጮክ ብሎ መለሰ።

«መጣን!»

አባዬ ነው። ጋቢውን ተከናንቦ፣ በትሩን ተደግፎ ቆሟል። መቼ እንደገባ አላየሁም። የደቦ ጥሪ ሰምቶ ዝም ማለት ስለማይሆንለት ነው የመለሰው፣ ሌላ ምክንያት የለውም። ከዚያ አንዲት እናት መለሱ፣ በኦሮምኛ። ከዚያ መስኮቱ ላይ ያሉት። ከዚያ ሁሉም፣ በሁለቱም ቋንቋ፣ እየተነሡ። ሌሊሴ የቀረውን የበሬ ደወል ያነበበችው እያለቀሰች ነው። ፀሐይዋ ተራራውን ለቀቀች።

ጭብጨባው ሲበርድ ኦቦ ገለታ እጃቸውን አወጡ። እንደ ተማሪ። ሰው ሳቀ፣ እኔ አልሳቅኩም።

«ሕጉን ቀየርሽ?» አሉ።

«አልቀየርኩም፣ መምህር። ሕጉን የተናገሩት እነማን ነበሩ?»

ሲያስቡ መነጽራቸውን ያወልቃሉ፣ አወለቁት። «ሽማግሌዎቹ» አሉ ቀስ ብለው። «ሽማግሌዎቹ ብቻ። ነጭ ማሳዋም ድምፅ ከሰማን ቆየን ብላ ነበር…» ራሳቸው እያሰሉ ወደ መልሱ ሲሄዱ ሰው ሁሉ ይከተላቸዋል። «በእኛም አገር ዳዶ፣ ያው ወንፈሉ፣ ሌላ ነው፤ ደቦ ሌላ ነው» አሉ። «በዳዶ ትቆጥራለህ፣ በደቦ ትጠራለህ። ከእርሻ ከራቅሁ ጊዜ ጀምሮ መቁጠሩን ብቻ ይዤ ቀርቻለሁ።» ወደ ሰው ዞሩ። «ቀዳዳ የለውም። ትክክል ነው።»

ትክክል ነው። በሒሳብ ትምህርት ከእሳቸው ይህን ቃል አግኝቼ አላውቅም! ሌሊሴ ጎኔን በክርኗ መታችኝ፤ አሁንም ያመኛል፣ ደስ ይላል።


ሰኞ፣ ኅዳር 16

ስልኬን አላየሁትም። ብዙ ነው። ሻምቡ ላይ አዳራሽ አለን፣ ኑና አንብቡልን የሚል አይቻለሁ። ይደርሳል።

ጠዋት የአባዬን ድምፅ ከበር ሰምቼ ነው የነቃሁት። ከአዴ ጫልቱ ጋር ያወራል፣ በዚያ በተሰባበረ ኦሮምኛው። እሳቸው በአማርኛ ይመልሱለታል። መስኮቱን ከፈት አድርጌ አዳመጥኩ።

«ጓሮውን ልመነጥር ነበር» አለ። ቆመ። ተመልሶ ይገባል ብዬ ነበር። «ለብቻዬ አልቻልኩትም። ልጆችሽን ትልኪልኝ ይሆን?»

«አያ ጌታሁን፣ ይህን ለማለት ነው እስከ ዛሬ የቆየኸው?» አሉ አዴ ጫልቱ፣ ከዚያ ልጆቻቸውን በስም በስም ተጣሩ። የግራ ጎረቤቱም መቆፈሪያውን ይዞ በአጥሩ ክፍተት ገባ። ሌሊሴም ደውዬላት ከሥራ በፊት እመጣለሁ ብላለች፣ «እጄ ላይ የፀጉር ቀለም ስላለ ሥር መንቀል እንጂ የምግብ ሥራ እንዳታዝዙኝ» ብላ።

አባዬ ጠርቶ ያለውን ማብላት አለበት። ያለን የገብስ ቆሎ ነው። እሱን ቆልቼ ሱቁን ዛሬ ዘግቼ ወደ ጓሮው ልውጣ።